ዘጠና ስምንት ቅጠል

ዓርብ ንጋት ላይ አክስቴ እትዬ ይርጋነሽ የግቢያችንን በር ገፋ አድርገው ገቡና፣ እኔን እያዩኝ፣ ደህና አደርሽ ሳይሉኝ አልፈውኝ ሄዱ። እትዬ በር ላይ ቆመው የሰውን፣ የከብቱን፣ የጎረቤቱን ደኅንነት አንድ በአንድ ጠይቀው ሳይጨርሱ የማይገቡ ሰው ናቸው፤ እናቴ «የእሷ ሰላምታ እስኪያልቅ ወጡ ያርራል» እያለች ትቀልድባቸዋለች። ያን ቀን ግን ከንፈራቸውን ገጥመው በቀጥታ ወደ አጥሩ ሄዱና ከሐረጌ ላይ በግራ እጃቸው ቅጠል እየቀነጠሱ በነጠላቸው ጫፍ ይይዙ ጀመር። እኔ በአንድ እጄ የስልኬን መብራት፣ በሌላው የሳሙና ውኃ የሞላ ጆግ ይዤ እዚያው ቆሜያለሁ። ከእንቅልፌ የተነሣሁት ትል ልይዝ ነበር።

ሰባት ሳምንት ሙሉ የሐረጉ አንድ ጎን ሲራቆት አይቻለሁ። ከወገብ በላይ፣ ከትከሻ በታች፣ ሌላው ሳይነካ። መጀመሪያ ፍየል ነው አልሁ፤ ፍየል ግን አበባውንም አይተውም። ቀጥሎ ትል ነው ብዬ ሳሙና በጥብጬ ረጨሁ፣ አመድ ነሰነስሁ፣ ሥሩ ላይ የበሰበሰ ፍግ ጨመርሁ። ሐረጉም በተራቆተው በኩል እልህ እንደያዘው ሰው አዲስ ቅጠል ያወጣል፤ በሳምንቱ ግን ያ ቅጠል የለም። በባዮሎጂ የተመረቅሁ ሰው ነኝ፤ ቅጠል የሚበላ ትል ብዙ ጊዜ በጨለማ እንደሚወጣ ስለማውቅ ያን ቀን ጎህ ሳይቀድ ተነሣሁ።

ሐረጉን ወደ ቢቸና ያመጣሁት ራሴ ነኝ። ሞጣ አንድ ዓመት ሳስተምር የተከራየሁት ቤት ባለቤት እትዬ ዓሊማ፣ ከጨርቅ ሱቃቸው ጀርባ በአጥር ላይ አሳድገውት ነበር። የአዞ ሐረግ ይባላል፤ ወንዝ ዳር ሞልቷል፣ ማንም ዞር ብሎ አያየውም። እሳቸው ግን «ለዐይኔ ነው» ይሉ ነበር። በመስከረምና በጥቅምት አጥሩን ነጭ በነጭ ያደርገዋል፤ አበባው ሲረግፍ ፍሬው ጭራ ያወጣና የተባዘተ ጥጥ ይመስላል። ልሄድ ስል፣ ቀደም ብለው አንድ ቅርንጫፍ መሬት ላይ አስተኝተው አፈር አልብሰውት ስለነበር፣ ሥር ያወጣውን ቆርጠው ሰጡኝ። «ሥሩ ሙቀት አይወድም፤ ድንጋይ አልብሺው። ላዩን ተዪው፣ ፀሐዩን ራሱ ፈልጎ ይወጣል» አሉኝ። እንዳሉኝ አደረግሁ። ግንዱ ሲያዩት ጠንካራ ይመስላል እንጂ ዶሮ ብትዘልበት ከሥሩ ይሰበራል፤ ስለዚህ በአሮጌ ጨርቅ ቅዳጅ ከአጥሩ እንጨት ጋር አሰርሁት። መጀመሪያ ሳሳጥረው ወዙ እጄ ላይ ፈሰሰና በማግሥቱ እሳት እንደነካው ውኃ ቋጠረ። ከዚያ ወዲህ ያለ ጓንት ቆርጬው አላውቅም።

እትዬ ይርጋነሽ ደግሞ በባዶ እጃቸው ይቀነጥሱታል። እናቴ ከማዕድ ቤቱ በር ላይ ሆና ጣቷን ከንፈሯ ላይ አድርጋ ዐይኗን ታፈጥብኛለች። ዝም በይ ማለቷ እንደሆነ ገብቶኛል። ለምን እንደሆነ ግን አልገባኝም፤ ያልገባኝን ነገር ደግሞ ዝም ብዬ አልፌው አላውቅም።

«እትዬ፣ ምን እያደረጉ ነው?» አልሁ።

ሳይዞሩ ራሳቸውን ነቀነቁ። ጆጉን አስቀምጬ ተጠጋኋቸው። «ሰባት ሳምንት እኮ ነው ስጨነቅ የከረምሁት! ቢጠይቁኝ ራሴ ቀንጥሼ አልሰጥዎትም ነበር?» አሁንም ራሳቸውን ነቀነቁ። ከነጠላው ሥር የተሸሸገውን ቀኝ ክንዳቸውን ያዝሁ። ጠበቅ አላደረግሁትም፤ ወደ እኔ እንዲዞሩ ብዬ ነው።

«ውይ! ልቀቂኝ አንቺ ልጅ!» ብለው ጮኹ።

ከዚያም በግራ እጃቸው አፋቸውን ያዙ። የነጠላው ጫፍ ተለቀቀና ቅጠሎቹ መሬት ላይ ተበተኑ። አምስት ነበሩ። እትዬ በሐረጉ ሥር ከደረደርኋቸው ድንጋዮች በአንዱ ላይ ቀስ ብለው ተቀመጡ። እናቴ መጥታ አጠገባቸው ቆመች።

«አፏን አስፈታሻት» አለችኝ። «በቃ፣ አስፈታሻት።»

«አሥራ አራተኛዋ ነበረች» አሉ እትዬ፤ ለእናቴ ነው የተናገሩት፣ ወደ እኔ አላዩም። ከዚያ ተነሥተው ነጠላቸውን አስተካከሉና በመጡበት በር ወጡ። ቅጠሎቹን አላነሷቸውም።

ማዕድ ቤት ውስጥ እናቴ ሽሮ እያማሰለች፣ ዐይኗን ከድስቱ ሳታነሣ ነገረችኝ። ከፋሲካ በፊት ጀምሮ በእትዬ ቀኝ ጡት ላይ እብጠት አለ። መድኃኒቱን ያሳዩዋቸው እማሆይ ወለተ ሐና ናቸው። ረቡዕና ዓርብ፣ ፀሐይ ሳይወጣ፣ አፍ ሳይፈታ፣ በየቀኑ ሰባት ቅጠል፤ ሰባት ረቡዕና ሰባት ዓርብ። ለቃሚው ከቤቱ ወጥቶ ቅጠሉን ቀጥቅጦ እስኪለጥፍ ድረስ አንድ ቃል ከተናገረ ያለፈው ሁሉ እንዳልነበረ ይሆናል፤ እንደገና ከአንድ ነው። መስከረም ሰባት የጀመሩት ዛሬ ጥቅምት ሃያ አንድ ያልቅ ነበር። እናቴ ይህን ስታወራ ድምፅዋ የገበያ ዋጋ የምትነግረኝ ይመስላል።

«ሐኪም አላያቸውም?»

«ነርሱ ስጦታው አይቷታል። ለማርቆስ ሆስፒታል ወረቀት ጽፎላታል። አሥራ አራቱን ልጨርስና እሄዳለሁ ብላ ምላለች። የሰኞ መኪና ላይ ወንበር ይዛ ነበር።»

«ነበር?»

 ሽሮው ተንተክትኮ እጇ ላይ ፈናጠቀባት፤ በቀሚሷ ጠረገችው።

«ለምንድን ነው ያልነገርሽኝ?»

«ብነግርሽ ዝም ትይ ነበር?» አለች።

ወደ እትዬ ቤት ስሄድ ፀሐዩ ወጥቷል። ነርሱ ስጦታው ጎረቤታችን ነው፤ ወደ ሥራው ሲወጣ መንገድ ላይ አገኘሁትና አብረን ወረድን። ሽንኩርት ኪሎው መቶ ሃያ ገባ አለኝ። ወደ ማርቆስ ትራንስፖርቱ አራት መቶ ሆኗል፣ እሱም መኪና ከተገኘ ነው አለኝ። መንገዱ ከተከፈተ ሁለት ሳምንት ሆኖታል፤ እስከ መቼ ክፍት እንደሚሆን የሚያውቅ የለም። ስለ እትዬ ስጠይቀው እርምጃውን ቀነሰ። «ብብቷ ሥር ወርዷል» አለ። «ክንዷ ማበጥ ጀምሯል። ሰኞ ትሂድ።» ሰኞ ባይሄዱስ፣ ከሰባት ሳምንት በኋላ ቢሄዱስ አልሁት። ቆመና አየኝ። «ባዮሎጂ ነው አይደል የተማርሽው?» አለና ወደ ሥራው ታጠፈ።

የእትዬ ቤት ሁለት ክፍል ነው። በፊተኛው ክፍል በኪሮሽ ዳንቴል የተሸፈነ ሶፋ፣ በላስቲክ የተጠቀለለ ቴሌቪዥን፣ የሦስት ዓመት የቀን መቁጠሪያ አንዱ በአንዱ ላይ ተሰቅሎ አለ። ባላቸው ጋሼ ደምለው፣ ጡረታ የወጡ የሒሳብ መምህር፣ ሬዲዮ ከፍተው ተቀምጠዋል። ተነሥተው ሳሙኝ፣ ቁርስ በልተሽ ነው ወይ አሉኝ፣ ሥራ ተገኘ ወይ አሉኝ፤ ሁለቱንም አይ አልኋቸው። ከዚያ ሬዲዮውን ትንሽ ቀነሱና ወደ ውስጠኛው ክፍል መጋረጃ በአገጫቸው አመለከቱ።

«ሹፌሩ ደውሎ የሰኞው ወንበር ተሰርዟል አለኝ። እሷ ናት የሰረዘችው።»

«ለምን እንደሚሄዱ ነግረውዎት ነበር?»

«የለም። አልነገረችኝም። አልጠየቅሁም።» ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። «ሠላሳ አምስት ዓመት ከአጠገቧ የተኛሁ ሰው ነኝ፣ ብሩክታይት። የማላውቅ ይመስላታል። እንደዚያ ከመሰላት ይምሰላት።» ሬዲዮውን መልሰው ከፍ አደረጉት። ስለ ማዳበሪያ ስርጭት እያወራ ነበር።

ውስጠኛው ክፍል አንድ አልጋ፣ አንድ ቁም ሣጥን፣ ጣሪያው ሥር አንዲት ትንሽ መስኮት ነው ያለው። ጠረኑን ለማወቅ ሰው ሊነግረኝ አላስፈለገም፤ የተቀጠቀጠ ቅጠል ጠረን ነው፣ ከሥሩ ደግሞ ሌላ። እትዬ አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጠዋል። ይቆጡኛል ብዬ ነበር፤ አልተቆጡም። «ዩኒቨርሲቲ ዝም ማለት አያስተምሩም እንዴ?» አሉ። ሊስቁ ነበር፣ ግን አልመጣላቸውም።

«ያሳዩኝ» አልሁ።

አሳዩኝ። እብጠቱ ራሱ የሚታይ አልነበረም፤ የሚታየው ቃጠሎው ነው። ከጡታቸው ጎን እስከ ብብታቸው ቆዳው ተልጧል፤ አንዳንዱ ቦታ ደርቋል፣ አንዳንዱ ቦታ ገና ውኃ እንደቋጠረ ነው። እኔ እጄ ላይ ያየሁት የባቄላ ፍሬ ያህል ቁስል ነበር፤ ይህ የመዳፍ ስፋት ነው። እዚያ ላይ ሰባት ሳምንት ሙሉ በየረቡዑና በየዓርቡ ትኩስ ቅጠል ተለጥፏል። ጥሩ ቅጠል ነበር። ወፍራም፣ ወዙ የሞላ፣ ፍግ የጠጣ። አሳዳጊው እኔ ነኝ።

«ይኼ ያቃጥላል እንጂ አያድንም፣ እትዬ። የሚያቃጥል ነገር አለው ውስጡ። እኔ አውቀዋለሁ።»

«ማቃጠሉማ ይታወቀኛል። ያ ነው እኮ ሥራው፤ ያወጣዋል።» ቀሚሳቸውን ቀስ ብለው በግራ እጃቸው መለሱ። «ሐኪም ቤት አልሄድም አላልሁም። ይቆርጡታል አለኝ ስጦታው፤ ይቁረጡት። ግን ተሟልቼ ልሂድ። ግማሽ ነገር ይዤ ቢላዋ ሥር አልተኛም። እዚያ አልጋ ላይ ሆኜ አንዲት ቀን ቀርታኝ ነበር እያልሁ ልሙት?»

ቀን የምንቆጥረው እኛ ነን እንጂ በሽታው አይቆጥርም አልሁ። በሽታው ሰባት ሳምንት አይጠብቅም አልሁ። መንገዱ ሊዘጋ ይችላል አልሁ። ጥፋቱ የእኔ ነው፣ እኔ ልሸከመው አልሁ። ሁሉንም ሰሙኝ፤ በአንዱም አልተከራከሩኝም። እንደዚያ ዝም ብሎ የሚሰማ ሰው ምን እንደሚደረግ አላውቅም። በመጨረሻ እማሆይ ይቆጠርላት ካሉ ይቆጠራል ወይ ብዬ ጠየቅሁ። ትከሻቸውን ነቀነቁ። እሺ ማለት መሰለኝና ወጣሁ።

እማሆይ ወለተ ሐና ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ባለች ጎጆ ደጃፍ ላይ ፀሐይ እየሞቁ ጌሾ ይለቅማሉ። ገና ሳልናገር «የጥሩአየሁ ልጅ ነሽ፤ አፍንጫሽ ነገረኝ» አሉ፤ እናቴን ማለታቸው ነው። ጆሯቸው ስለሚከብድ ነገሩን ሁሉ እየጮኽሁ ነው የነገርኋቸው፤ የእትዬን ጡት ቅጥር ግቢው ሙሉ የሰማ መሰለኝ። እማሆይን ለመጣላት ተዘጋጅቼ ነበር የመጣሁት። የምጣላበት ነገር አጣሁ።

«ሐኪም ቤት ሂጂ ብያታለሁ እኮ» አሉ። «በመስቀል ሰሞን ነው ያልኋት። ቅጠሉንም አድርጊ፣ ሐኪሙንም እዪ ነው ያልሁት። ሁለቱ መች ተጣሉ? መጀመሪያ ይኼን ልጨርስ ያለችው እሷ ናት።»

«እንግዲያው ዛሬን ይቁጠሩላት፤ ተሟልቷል ይበሏት።»

ጌሾውን ከጭናቸው አራገፉ። «ሥርዓቱን እኔ አላወጣሁት፤ እኔም ከሰው ነው የሰማሁት። ግን ተቆጥሮልሻል ብላለች በያት። ብላለች በይ፣ ኃጢአቱ በእኔ ይሁን። ነይ፣ ይኼንንም ውሰጂላት» ብለው በትንሽ የፕላስቲክ ጠርሙስ ጠበል ሰጡኝ። እጃቸውን ሳምሁ። ሰው ያን ያህል በቀላሉ ይረዳኛል ብዬ አላሰብሁም ነበር። ሰዓቴን አየሁ፤ አራት ተኩል ነው። የሰኞውን ወንበር ሌላ ሰው ሳይዘው ሹፌሩ ጋ መደወል እችላለሁ። ቁልቁለቱን በሩጫ ነው የወረድሁት፤ በእኔ ዕድሜ ያለች ሴት በከተማ መሀል ስትሮጥ ሰው ቆሞ ያያል፣ አዩኝ።

እትዬ ጠበሉን ተቀብለው ሳሙት፤ ራስጌያቸው አስቀመጡት። ቃሉን ነገርኋቸው።

«ሄደሽ ለመንሻት አይደል?» አሉ።

«አዎ፣ ለመንኋቸው።»

«አሳዘንሻት።»

«ቢያዝኑስ? ያዘዙት እሳቸው፣ የፈቱት እሳቸው! ምን ቀረ?»

«ወለተ ሐና ደግ ናት። ልጅ ሲያለቅስባት አትችልም።» አላለቀስሁም ልል ነበር፤ ዐይኔን ስነካው እርጥብ ነው። «እሷ ተቆጥሯል አለች። እኔ ግን አፌን ፈትቻለሁ፤ አፌ የእኔ ነው፣ መፍታቴን አውቃለሁ። ምን ላድርገው ብሩኬ? ማወቄን አውጥቼ የት ልጣለው?»

መጋረጃው ገለጥ አለና ጋሼ ደምለው የሻይ ብርጭቆ ይዘው ገቡ። እትዬ ነጠላቸውን ወደ ቀኝ ሳብ አደረጉ። ጋሼ ወለሉን እያዩ ብርጭቆውን አልጋው አጠገብ አስቀመጡና ወጡ። ሁለቱም አንድ ቃል አልተናገሩም። ይናገራሉ ብዬ ጠብቄ ነበር። እኔ ራሴ ተነሥቼ ጋሼ ያውቃሉ ብል ምን ይሆናል ብዬ አሰብሁ። ጠዋት የተናገርሁት ግን ለአንድ ቀን በቅቶኝ ነበር።

ልሄድ ስነሣ እትዬ እጄን ያዙኝ። «አንድ ነገር አንቺን ልጠይቅሽ፤ አንቺ ታውቂዋለሽ። ረቡዕ ብጀምር ታኅሣሥ አሥር ያልቃል። ቅጠሉ እስከዚያ ይቆይ ይሆን?»

አውቀዋለሁ። ዝናቡ ካቆመ ወዲህ መሬቱ እየደረቀ ነው፤ ካልጠጣ በኅዳር አጋማሽ ቅጠሉ ቢጫ ይሆንና ከታች ወደ ላይ ይረግፋል። ይህን ነገርኋቸው።

«ከረገፈስ ከሌላ ይሆናል ወይ?» ብዬ ጠየቅሁ። «ወንዝ ዳር ሞልቷል እኮ።»

«ከጀመሩበት ግንድ ነው የሚጨረሰው። ሌላ ግንድ ከሆነ እንደገና ከአንድ ነው።»

ቤት ስደርስ እናቴ ማጭዱን ሐረጉ ሥር አስቀምጣዋለች፤ ምን እንደማስብ ገምታ ነው። ጎንበስ ብዬ አነሣሁት። ግንዱ ከአውራ ጣቴ እምብዛም አይወፍርም፤ አንድ ጊዜ ብስበው ያልቅለታል። ጎኑ ላይ ቆሜ አሰላሁት። ብቆርጠው እትዬ ወንዝ ወርደው ሌላ ይጀምራሉ፤ ያ ሐረግ ደግሞ ማንም ውኃ የማያጠጣው ነው፣ በኅዳር ይረግፋል፣ ያን ጊዜ ሦስተኛ ይፈልጋሉ። ቢደርቅብኝም ያው ነው። ወደ ማርቆስ የሚወስደው ከሁሉም አጭሩ መንገድ ይህ ሐረግ እስከ ታኅሣሥ አሥር አረንጓዴ መሆኑ ነው። ይህን ያህል ሒሳብ እኔም እችላለሁ። በቀን ሰባት ቅጠል፣ አሥራ አራት ቀን፤ ዘጠና ስምንት። በተራቆተው በኩል ቆጠርሁ፤ እሳቸው በሚደርሱበት ቁመት ላይ የቀረው ሠላሳ አንድ ነው። ላይኛው ላይ ሞልቷል፤ ቀኝ ክንዳቸው ግን አይነሣም፣ ግራውም ሲነሣ ቁስሉን ይስበዋል። እኔ ልልቀምላቸው እንዳልል፣ በሥርዓቱ የሚለቅመው የታመመው ሰው ራሱ ነው።

«ቆረጥሽው?» አለች እናቴ ከውስጥ።

«ውኃ አለ ወይ?» አልኋት።

«ትናንት መጥቶ ነበር፤ ሁለት ጀሪካን አለ። የሳምንቱ ነው።»

አንዱን ሥሩ ላይ ቀስ እያልሁ አፈሰስሁት፤ መሬቱ እስኪጠጣ እየቆየሁ። ሙቀት እንዳይገባው ድንጋዮቹ ላይ ድንጋይ ጨመርሁ፣ በላዩ ሣር ጎዘጎዝሁ። ከዚያ ጓንቴን አድርጌ አበባውን መቁረጥ ጀመርሁ። ፍሬ ለማፍራት የሚያባክነው ጉልበት ወደ ቅጠሉ እንዲሄድለት አበባው ሁሉ መነሣት አለበት፤ ገና ያልፈነዳውም ጭምር። እናቴ ወጥታ ነጩን ክምር አየችና ጠራርጋ ወሰደችው። ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ሲሆን አጥሩ ላይ አረንጓዴ ብቻ ቀረ።

የቀረው ላይኞቹን ቅርንጫፎች ማውረድ ነው። ከአጥሩ እንጨት የያዙበትን አንድ በአንድ እየፈታሁ፣ እንዳይሰበሩ ከሥራቸው ደግፌ፣ ወደ ታች አጎንብሼ በጨርቅ ማሰር ያዝሁ። የት ላይ እንደማስራቸው ለማወቅ ቀኝ እጄን ከጎኔ ጋር አጣበቅሁና ግራ እጄን እስከ ትከሻዬ ብቻ አነሣሁ። እዚያ ላይ ምልክት አደረግሁ። ከዚያ እትዬ ከእኔ እንደሚያጥሩ ትዝ አለኝ፤ ጉልበቴን ትንሽ አጠፍሁና እንደገና ለካሁ።